ሦስቴ ምክትል፣ ሦስቴ ተባራሪ፦ የሪክ ማቻር ጉዳይ

የ2018 እንቁጣጣሽ ዕለት እኛ ዶሮ ወጡ ላይ ስንሽቀዳደም ጁባ ውስጥ የፍትህ ሚኒስትሩ መግለጫ እየሰጡ ነበር። የደቡብ ሱዳን አንደኛ ምክትል ፕሬዝዳንት ሪክ ማቻር በግድያ፣ በአገር ክህደትና በሰብአዊነት ላይ በተፈጸመ ወንጀል ተከሷል ተባለ፣ በዚያው ቀን ፕሬዝዳንት ሳልቫ ኪር ከሥልጣኑ አገደው። አስራ አንድ ቀን ቆይቶ ሰውዬው ከሰባት ተከሳሾች ጋር የብረት ፍርግርግ ውስጥ ተቀምጦ በቴሌቪዥን ቀጥታ ታየ። ከ70 ያለፈ ሰው ነው። ከፕሬዝዳንቱ ቀጥሎ የአገሪቱ ሁለተኛ ሰው የሚባለው እሱ ነበር።

ምክትል ከአለቃው ጋር ሲጣላ ምን ይሆናል ለሚል ሰው አፍሪካ ውስጥ ምሳሌ ሞልቷል፣ ናይጄሪያ አለ ኬንያ አለ ማላዊ አለ፣ ግን እንደ ሪክ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው የተሟላ ኬዝ አላገኘሁም፣ ደግሞም ግማሹ ታሪክ የተፈጸመው እኛ አገር ነው። ሁሌ የሚገርመኝ ጥያቄ ይሄ ነው፦ ኪር ይሄን ሰው ካልወደደው ለምን መልሶ መልሶ ያመጣዋል፣ ሰውዬውስ ሊገድሉት ወደሞከሩበት ከተማ ለምን ይመለሳል? የኔ መልስ፣ ሪክ አንድም ቀን እንደ ስሙ ምክትል ሆኖ አያውቅም። የሌላ ጦር ባለቤት ነው። ወንበሩ ደግሞ ያ ጦር ዝም እንዲል የሚከፈል ዋጋ ነው። ጦሩ ከጎኑ ሲሆን ጁባ ትነዳለች፣ ጦሩ ከሌለ ደግሞ ወንበሩ የፕላስቲክ ወንበር ነው። (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመቶች፣ ወሮችና ቀኖች በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፣ የኛን ስጽፍ እናገራለሁ።)

ሪክ የሌር ከተማ ልጅ ነው፣ ብሔሩ ኑዌር፣ አባቱ ባላባት የነበረ ብዙ ልጆች የወለደ ሰው። ካርቱም ኢንጂነሪንግ ተማረ፣ እንግሊዝ ብራድፎርድ ሄዶ ዶክትሬቱን ያዘ፣ ከዚያ በ1984 ጫካ ገባ። ጫካ ስል በተግባር የኛ ጋምቤላ ማለቴ ነው፣ የጆን ጋራንግ የደቡብ ሱዳን አማፂ ጦር፣ ኤስፒኤልኤ፣ የተመሰረተው በደርግ ጉያ ነው፣ ቢልፓም ላይ ካምፕ፣ ኢታንግ ላይ የስደተኛ መንደር፣ ሬዲዮውም ከኢትዮጵያ ምድር ነበር የሚያስተላልፈው።

ስለ ሪክ አንድ ነገር ካላወቃችሁ የኑዌር ወጣት ለምን እንደሚከተለው አይገባችሁም። ንጉንዴንግ የሚባል ከመቶ ዓመት በፊት የሞተ የኑዌር ነቢይ አለ፣ ትንቢቱን በዘፈን ይዘው ነው የሚኖሩት፣ ከነዚህ አንዱ ግራኝ የሆነ፣ ጥርሱ ፍንጭት የሆነ፣ ግንባሩ ላይ የወንድነት ጠባሳ የሌለው ሰው ይመጣል ይመራችኋል ይላል ይባላል። ጋምቤላ የሄደ ሰው ያንን ስድስት መስመር ያውቀዋል፣ ከጆሮ እስከ ጆሮ የተሰመረውን። ሪክ ግንባሩ ላይ የለበትም፣ ፍንጭት ነው፣ ግራኝ ነው። በ2009 ደግሞ እንግሊዞች ወስደውት የነበረው የነቢዩ ዘንግ ሲመለስ ተቀባዩ እሱ ሆነ። ዶክተር ኢንጂነሩ ሰውዬ ዘንጉን ጨብጦ ቆመ። ያመነበት ይሁን የተጠቀመበት እሱ ይወቀው፣ ፖለቲካው ግን ሠርቶለታል።

ወደ ኋላ ልመልሳችሁ፣ ግንቦት 1991፣ ደርግ ወደቀ። ለኤስፒኤልኤ ይሄ ማለት ስንቅ፣ ካምፕ፣ ሬዲዮ፣ ሁሉም በአንድ ጊዜ ጠፋ ማለት ነው፣ ኢታንግ የነበረው በመቶ ሺዎች የሚቆጠር ስደተኛ ድንበር ተሻግሮ ተመለሰ፣ ብዙው በሶባት ወንዝ ዳር ወዳለችው ናሲር። ናሲርን የሚመራው ሪክ ነበር። ጋራንግ መንግሥቱ ኃይለማርያምን ሲያጣ የተዳከመ መሰላቸው መሰለኝ፣ ነሐሴ 28 ቀን 1991 ሪክ፣ ላም አኮልና ጎርደን ኮንግ ከናሲር በሬዲዮ ጋራንግን አውርደናል አሉ። ጋራንግ አልወረደም። ድርጅቱ ለሁለት ተሰነጠቀ፣ በዚያው ዓመት ኅዳር የሪክ ሰዎች የጋራንግ አገር ቦር ገብተው የዲንቃ ብሔረሰብ ሲቪል ጨፈጨፉ፣ አምነስቲ ቢያንስ 2000 ሰው ነው ያለው። ሪክን የሚያደንቅ ጓደኛ አለኝ፣ እዚህ ጋ ስንደርስ ሁሌ ሻይ ያዛል። ሪክ ራሱ ከሃያ ዓመት በኋላ በ2011 በጋራንግ ባለቤት በርቤካ ኛንዴንግ ቤት እንባ እያነቀው ይቅርታ ጠይቋል።

ያኔ ከጋራንግ ጋር የቀረው ሳልቫ ኪር ነው። ይሄን ያዙልኝ።

በ1997 ደግሞ ሪክ ከጠላት ጋር ፈረመ፣ ከሱዳኑ ፕሬዝዳንት ከአል በሽር ጋር፣ የካርቱም ስምምነት ይባላል፣ የፕሬዝዳንቱ ረዳት እና የደቡብ አስተባባሪ ምክር ቤት ሊቀመንበር ተብሎ ቢሮ ተሰጠው። ወረቀቱ ላይ ደቡቡ ሪፈረንደም ይደረግለታል ይላል። መሬት ላይ ግን በሽር የሪክን ጦር ውስጥ ገብቶ ሌሎች አዛዦችን በጎን እየገዛ የነዳጁን አካባቢ አጸዳበት። በ2000 ጥሎ ወጣ፣ በ2002 ወደ ጋራንግ ተመለሰ። ለኔ ይሄ የኋላው ሁሉ ልምምድ ነው፦ በስምምነት መግባት፣ ቢሮ ማግኘት፣ የራስህ ሰው ከሥርህ ሲገዛ ማየት፣ መውጣት።

ጥር 2005 ኤስፒኤልኤ ከካርቱም ጋር የሰላም ስምምነት ተፈራረመ፣ ሐምሌ ላይ ጋራንግ በሄሊኮፕተር አደጋ ሞተ፣ ኪር ተተካ፣ ሪክ የደቡብ ሱዳን ምክትል ሆነ። ሁለቱን ሰዎች ጎን ለጎን አስቀምጧቸው። ኪር ብዙ የማይናገር የስለላ ሰው፣ ከጆርጅ ቡሽ ስጦታ ካገኘ ወዲህ ከራሱ ላይ የማይወርድ ጥቁር የካውቦይ ባርኔጣ፣ ዲንቃ። ሪክ ፈገግ ባይ፣ ከፈረንጅ ጋር የሚግባባ፣ ስብሰባ መምራት የሚወድ፣ ኑዌር። ለስምንት ዓመት አብረው ሠሩ፣ መጥፎም አልነበረም መባል አለበት፣ ሪክ የኡጋንዳ መንግሥትንና የጆሴፍ ኮኒን አማፂ ጁባ ላይ ሲያደራድር ነበር፣ የዕለት ተዕለቱን መንግሥት ብዙውን እሱ ነበር የሚያስኬደው፣ በ2011 ነጻነት ሲታወጅም አብረው ቆሙ።

የተበላሸው ሪክ ወንበሩን እፈልጋለሁ ሲል ነው። በ2015 ምርጫ ነበር የታሰበው፣ ገዢው ፓርቲ ኤስፒኤልኤም ውስጥ ሊቀመንበር የሆነ ዕጩ ይሆናል፣ ስለዚህ ሪክ ለሊቀመንበርነት እወዳደራለሁ አለ፣ በአደባባይ፣ አለቃው እዚያው እያለ። ሚያዝያ 2013 ኪር በውክልና የሰጠውን ሥልጣን መልሶ ወሰደ፣ ሪክ የያዘውን የብሔራዊ እርቅ ፕሮግራምም አስቆመ። ሐምሌ 23 ቀን ሙሉ ካቢኔውን ከነምክትሉ በአንድ ማታ አባረረ። ጁባ ውስጥ ሹመትና ሽረት የሚሰማው በቴሌቪዥን በሚነበብ ድንጋጌ ነው፣ ሚኒስትሩ እራት እየበላ ስሙን ሊሰማ ይችላል። የሪክ ቦታ ለጄምስ ዋኒ ኢጋ ተሰጠ።

እዚህ ድረስ ሕጋዊ ነው ልብ በሉ፣ የዚያን ጊዜው ሕገ መንግሥት ለፕሬዝዳንቱ ምክትሉን የማንሳት መብት ይሰጣል፣ ሪክም ተቀበለው፣ ጠመንጃ አላነሳም። ታኅሣሥ 6 ቀን ከተባረሩ ትላልቅ ሰዎች ጋር ሆኖ ፕሬስ ኮንፈረንስ ጠርቶ ኪር አምባገነን እየሆነ ነው አለ። ከዚያ በ14 የፓርቲው ምክር ቤት ኛኩሮን አዳራሽ ተሰበሰበ፣ ኪር ንግግሩ ላይ 1991ን አነሳ፣ ሪክ በማግስቱ ሳይመጣ ቀረ። የዚያን ማታ የፕሬዝዳንቱ ጥበቃ ኃይል ውስጥ ዲንቃና ኑዌር ወታደሮች መታኮስ ጀመሩ። ጠዋት ኪር ባርኔጣውን አውልቆ የወታደር ልብስ ለብሶ ቴሌቪዥን ላይ ወጣና መፈንቅለ መንግሥት ተሞክሯል፣ ያደረገው ሪክ ነው አለ። በኋላ በቀድሞው የናይጄሪያ ፕሬዝዳንት ኦባሳንጆ የተመራው የአፍሪካ ኅብረት ኮሚሽን መፈንቅለ መንግሥት ለመኖሩ ማስረጃ አላገኘም። ግን ያ ሪፖርት እስኪወጣ ጁባ ውስጥ ኑዌር ቤት ለቤት እየተለቀመ ተገድሏል፣ ሪክ አምልጧል፣ ነጭ ጦር የሚባለው የኑዌር ወጣት በበቀል ተነስቶ ቦርን ድጋሚ አውድሟል፣ ኡጋንዳ ለኪር ጦር ልካለች። እስከ 2018 በነበረው ጦርነት ወደ 383,000 ሰው ነው ያለቀው፣ በጥይትም በበሽታና በረሃብም፣ ይህን ያሰላው አንድ የለንደን የሕክምና ዩኒቨርሲቲ ነው።

ድርድሩ አዲስ አበባ መጣ። የኢጋድ ዋና አደራዳሪ አምባሳደር ስዩም መስፍን ነበሩ፣ የሁለቱም ወገን ሰዎች ለወራት በሆቴል ተቀምጠው አበል እየበሉ፣ እኛ የምናውቀው በዚያ ነው። በነሐሴ 2015 ሪክ አዲስ አበባ ላይ ፈረመ፣ ኪር ዘጠኝ ቀን ዘግይቶ ጁባ ላይ፣ ያውም ቅሬታዬን መዝግቡልኝ እያለ። ስምምነቱ አዲስ ነገር ፈጠረ፦ አንደኛ ምክትል ፕሬዝዳንት። ይህን ሰው የሚመርጠው ፕሬዝዳንቱ አይደለም፣ ተቃዋሚው የሪክ ድርጅት ነው፣ ቦታው ክፍት ከሆነም የሚተካው ድርጅቱ ነው። በ2013 በአንድ ድንጋጌ ስለተባረረ እንግዲህ ድንጋጌ የማይነካው ወንበር ተሠራለት። ወረቀት ላይ ብልህ ነገር ነው። ችግሩ አንድ ቤተ መንግሥት ውስጥ ሁለት ባለቤት ያለው መንግሥት ሆነ፣ ሁለቱም ደግሞ ታጣቂ አላቸው።

እንዴት እንደማይሠራ ያየነው ገና ሳይመለስ ነው። ሚያዝያ 2016 ሪክ ድንበር ላይ ካለችው ፓጋክ ወደ ጋምቤላ መጣ፣ ከጋምቤላ በአውሮፕላን ጁባ ሊገባ። በ18 ይገባል ተባለ፣ ጁባ ነጭ እርግብ ሳይቀር አዘጋጅታ ጠበቀች፣ አልመጣም። ክርክሩ ስንት መትረየስ ይዞ ይግባ የሚል ነበር! ዓለም በሙሉ፣ አሜሪካ፣ ተመድ፣ የአፍሪካ ኅብረት፣ ቁጭ ብሎ አንድ ምክትል ፕሬዝዳንት ለመሐላ ሲሄድ ስንት አርፒጂ እንደሚያስፈልገው ቆጠረ። መጨረሻ ላይ 195 ጠባቂ፣ 20 አርፒጂ፣ 20 መትረየስ ተባለ። ከዚህ በላይ ይህን ሹመት የሚገልጽ ነገር አላውቅም። በ26 ገባ፣ ማለ፣ ከኪር ጋር ወንድሜ ተባባሉ።

አሥር ሳምንት ቆየ። ሐምሌ 7 ማታ ጉዴሌ በሚባል ሰፈር ኬላ ላይ ተታኩሰው አምስት የመንግሥት ወታደር ሞተ። በማግስቱ ኪር፣ ሪክና ዋኒ ኢጋ ነገሩን ለማብረድ ቤተ መንግሥት ተገናኙ። የነጻነቱ አምስተኛ ዓመት ዋዜማ ነው፣ በዓሉ ገንዘብ የለም ተብሎ ቀድሞ ተሰርዟል። ስብሰባው አልቆ ጋዜጠኞች ፊት ቁጭ ብለው ሕዝቡ ይረጋጋ ሊሉ ሲሉ ውጪ ተኩስ ጀመረ። የማን ጥበቃ በማን ላይ እንደተኮሰ እዚያ ያለ ሰው አያውቅም፣ ጋዜጠኞቹ ወለሉ ላይ ተኝተዋል፣ ግቢው ውስጥ አብረው የሚውሉ ሁለት ጥበቃዎች እየተጨራረሱ ነው፣ ሁለቱ አለቆች ግን ክፍል ውስጥ አንድ ላይ ናቸው። ሪክ ከዚያ ክፍል በሕይወት ወጣ፣ ወደ ቤቱ እንዲደርስ ያስሸኘው ደግሞ ኪር ነው። ብዙ ሰው ይህን ይዘላል እኔ ግን ደጋግሜ አስበዋለሁ፣ ሊገድለው ቢፈልግ እዚያው ነበር፣ ሁለት ቀን ቆይቶ ግን በታንክና በሄሊኮፕተር ቤቱንና ካምፑን አረሰው። ኪር ጦሩን አላዘዘውም ወይስ ግቢው ውስጥ ደም ማፍሰስ አልፈለገም፣ ሁለቱም ያስኬዳል። ቢያንስ 300 ሰው ሞተ።

ሪክ በእግሩ ወጣ። ወደ 40 ቀን በጫካ፣ ከኋላው እየተሳደደ፣ እግሩ ቆስሎ፣ ኮንጎ ጋራምባ ፓርክ ውስጥ የተመድ ሰዎች በሄሊኮፕተር አነሱት። ገና ጫካ እያለ ታባን ዴንግ ጋይ፣ ዋና ተደራዳሪው፣ የራሱ አገር ልጅ ኑዌር፣ ጁባ ቀርተው ከነበሩ የድርጅቱ ሰዎች ጋር ተሰብስቦ አለቃችን ስለሌለ እኔ ልተካ አለ፣ ኪር ደስ ብሎት አስማለው። ድንጋጌ የማይነካው ወንበር ተነካ ማለት ነው፣ ያውም አንቀጹን ሳይጥስ፣ የሚተካው ድርጅቱ ነው ይላል አይደል፣ ድርጅቱን ጁባ ሆቴል ውስጥ አገኙት። ሪክ ለሕክምና ካርቱም፣ ከዚያ ደቡብ አፍሪካ ሄደ፣ እዚያ ከፕሪቶሪያ ዳር አንድ ቤት ውስጥ እንዳይወጣ ተደረገ።

ሰኔ 2018 ጠቅላይ ሚኒስትር ዐቢይ ገና ሦስተኛ ወራቸው ላይ ሆነው ሁለቱን አዲስ አበባ አገናኟቸው፣ ዐቢይ መሐል ሆነው ሁለቱን አንገት ለአንገት ያስተቃቀፉበትን ፎቶ ያላየ የለም፣ የሪክ ፈገግታ የለመደው ፈገግታ ነው፣ የኪር እጅ ግን ሲንጠለጠል ይታያል። በሁለተኛው ቀን የጁባው ቃል አቀባይ ሪክ ይበቃናል አሉ። ቢሉም ጎረቤቶቹ ገፏቸው፣ ካርቱም ተደራደሩ፣ በኛ መስከረም 2 ቀን 2011 አዲስ አበባ ላይ አዲሱን ስምምነት ፈረሙ። በ2019 ጳጳስ ፍራንሲስ ቫቲካን ጠርተዋቸው በ82 ዓመታቸው ተንበርክከው እግራቸውን ሳሙ። የሁለቱንም እግር።

የካቲት 2020 ሪክ ለሦስተኛ ጊዜ ማለ። አሁን ምክትሎቹ አምስት ናቸው። ከጎኑ እነማን ተቀመጡ መሰላችሁ፦ በ2013 የተካው ዋኒ ኢጋ፣ በ2016 የተካው ታባን ዴንግ፣ እንባውን ያፈሰሰባት የጋራንግ ባለቤት ርቤካ፣ እና ሁሴን አብደልባጊ። የሰውዬው የሕይወት ታሪክ በሙሉ በአንድ ረድፍ።

ይሄኛው ዙር ረጅሙ ነው፣ አምስት ዓመት፣ ግን ስለሱ ብዙ የሚጻፍ የለም ምክንያቱም ምንም ማድረግ አልቻለም። የሁለቱ ወገን 83,000 ወታደር በአንድ ይዋሃዳል የተባለው በ2022 የመጀመሪያው ዙር ተመርቆ ብዙው መሣሪያም ደመወዝም ሳያይ ካምፕ ቀረ። በ2021 የሪክ ጦር ኢታማዦር ሳይመን ጋትዌች አለቃውን ሽሬአለሁ ብሎ ተገነጠለ። በ2023 ኪር የመከላከያ ሚኒስትሯን አባረረ፣ ይህች ሴት አንጀሊና ቴኒ ናት፣ የሪክ ሚስት፣ ቦታውም በስምምነቱ የሪክ ድርጅት ድርሻ ነበር። ሪክ ተቃወምኩ አለ፣ መግለጫ አወጣ፣ አበቃ። በ2013 ቢሆን አገር ይናወጥ ነበር። ያኔ ጦር ነበረው፣ አሁን ከጁባ ሳይፈቀድለት መውጣት እንኳ አይችልም።

መጋቢት 2025 መጀመሪያ ላይ ነጭ ጦር የመንግሥትን ካምፕ ያዘ። የት? ናሲር። እነዚያን ወታደሮች ሊያወጣ የሄደ የተመድ ሄሊኮፕተር ተተኮሰበት፣ የካምፑ አዛዥ ጄኔራልም ሞተ። መንግሥት ያዘዘው ሪክ ነው አለ፣ የሪክ ሰዎች ወጣቱ በራሱ ነው የተነሳው አሉ፣ እኔ እንደሚመስለኝ ነጭ ጦር ሲፈልግ ይሰማዋል ሳይፈልግ አይሰማውም፣ ሁሌም እንደዚያ ነው የነበረው። የነዳጅ ሚኒስትሩ ፑኦት ካንግ ታሰረ፣ ኡጋንዳ እንደገና ጦር ላከች፣ መጋቢት 26 የመከላከያ ሚኒስትሩና የደኅንነት ኃላፊው በመኪና ሰልፍ የሪክ ቤት ገብተው ጠባቂዎቹን ትጥቅ አስፈትተው ቤቱ ውስጥ ዘጉበት። የጋምቤላ ካምፖች፣ ኩሌ፣ ቴርኪዲ፣ ንጉኝየል ያሉ ቤተሰቦች እንደገና አዲስ እንግዳ መቀበል ጀመሩ፣ ከ2014 ጀምሮ እዚያው ላለ ሰው ይሄ ስንተኛው ነው።

ሁለት ሳምንት ያህል ቆይቶ ደግሞ ያው ፊልም፣ ጁባ ያሉ የድርጅቱ ሰዎች ተሰብስበው የሰላም ሚኒስትሩን ስቴፈን ፓርን ጊዜያዊ ሊቀመንበር አደረጉ። የታባን ሆቴል ድጋሚ ተከፈተ ብዬ ሳቅኩ፣ የሚያስቅ ነገር ባይሆንም።

ከዚህ ጋር አንድ ሰው ላወዳድር። ቤንጃሚን ቦል ሜል የሚባል ነጋዴ አለ፣ የኪር የቅርብ ሰው፣ በየካቲት 2025 በዋኒ ኢጋ ቦታ ምክትል ሆነ፣ ወራሹ እሱ ነው እየተባለ። በኅዳር አንድ ማታ ድንጋጌ ተነበበ፣ ቦል ሜል ከምክትልነቱ ተነሳ። ጥይት አልተተኮሰም፣ አዲስ አበባ ማንም አልተጠራም፣ ጳጳስ አልተንበረከከም። በድንጋጌ የመጣ በድንጋጌ ሄደ። ሪክ ግን በ2013 በድንጋጌ ቢነሳም ጦርነት ተከተለ፣ እሱን ለማንሳት በ2016 ታንክ፣ በ2025 የግድያ ክስ አስፈለገ።

ፍርድ ቤት ላይ ጠበቆቹ የያዙት መከራከሪያም ይሄው ነው፣ ሰውዬው በስምምነት የተቀመጠ ነው፣ እንዲህ ያለ ወንጀል የሚያየው በስምምነቱ የታሰበው የአፍሪካ ኅብረት ቅይጥ ፍርድ ቤት ነው እንጂ ይሄ ልዩ ችሎት አይደለም አሉ። ችሎቱ አልተቀበለም። ስምምነቱ የተፈረመው በኛ መስከረም 2 ቀን 2011 ነው ብያችኋለሁ፣ ሪክ የታገደው መስከረም 1 ቀን 2018። ሰባት ዓመት ሊሞላው አንድ ቀን ቀረው።